ከእንፋሎት ወደ ናፍጣ፥ ከናፍጣ ወደ ኤሌክትሪክ፤ የምድር ባቡራችን የኀይል ታሪክ

መግቢያ

ከአየር ጤና ተነሥቶ ወደ ከተማው መካከል የሚሄድ ሰው ጥቂት ኪሎሜትር እንደ ተጓዘ ጦር ኃይሎች ይደርሳል፤ በዚያም ከአያት የሚመጣው የከተማ ቀላል ባቡር መስመር ያበቃል። ከዚያው ከአየር ጤና ተነሥቶ በጅማ መንገድ በዓለም ገና በኩል የሚሄደው ደግሞ ሰበታ ይደርሳል፤ በዚያም ከጅቡቲ ወደብ የሚነሣው ታላቁ የኤሌክትሪክ ምድር ባቡር የመጨረሻ ጣቢያ ይገኛል። እንግዲህ አየር ጤና በሁለት የኤሌክትሪክ ሐዲዶች ጫፍና ጫፍ መካከል የተቀመጠች ሰፈር ናት። ሁለቱም በቅርቧ ደርሰው ይቆማሉ እንጂ አይነኳትም።

ሁለቱ መስመሮች በኤሌክትሪክ መሄዳቸው አንድ ያደርጋቸዋል እንጂ የሚጠቀሙበት ኤሌክትሪክ አንድ ዓይነት አይደለም። ጦር ኃይሎች ላይ በሐዲዱ አናት በተዘረጋው ሽቦ የሚሄደው 750 ቮልት ሲሆን፥ ሰበታ ላይ ያለው 25,000 ቮልት ነው። ከእነዚህ ሁለት መስመሮች በፊት ለብዙ ዓመታት ለገሀር ይገባ የነበረው ባቡር ደግሞ በመጀመሪያ በእንፋሎት፥ በኋላም በናፍጣ ይሄድ ነበር እንጂ ኤሌክትሪክ የሚባል አያውቅም ነበር። የዚህ ልዩነት ምክንያት ምንድን ነው? የኤሌክትሪክ ሎኮሞቲቭ በዓለም ላይ ከናፍጣው ቀድሞ የተፈለሰፈ ሆኖ ሳለ፥ ወደ አገራችን ስለ ምን ናፍጣው ቀድሞ ገባ?

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ለእነዚህ ጥያቄዎች መልስ መስጠት ነው። መልሱን በአጭሩ አስቀድሞ ለመናገር፥ የባቡር ታሪክ ሲመረመር ዋናው ጥያቄ «መኪናው ምን ያህል ይፈጥናል?» የሚለው ሳይሆን «ኀይሉን የሚያገኘው ከየት ነው?» የሚለው ሆኖ ይገኛል። እያንዳንዱ የሎኮሞቲቭ ዓይነት አንድን አገር ከአንድ ችግር ሲያወጣው ለሌላ ችግር አሳልፎ ይሰጠዋል። ይህን ያላስተዋለ ሕዝብ አዲስ ባቡር በገዛ ቁጥር አዲስ ዕዳ የገዛ መሆኑን የሚያውቀው ዘግይቶ ነው።

ስለ ዓመታት አቆጣጠር፥ በውጭ አገር የተደረገው ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር (እ.ኤ.አ.)፥ በአገራችን የተደረገው ግን በኢትዮጵያ አቆጣጠር (ዓ.ም.) ተጽፏል።

1. የእንፋሎት ባቡርና የውሃ ችግር

ዳግማዊ አፄ ምኒልክ መጋቢት 1 ቀን 1886 ዓ.ም. ለስዊሱ መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ የምድር ባቡር ሥራ ፈቃድ ሰጡ። ፈቃዱ መስመሩ ከጅቡቲ ወደ ሐረር፥ ከሐረር ወደ እንጦጦ፥ ከእንጦጦም ወደ ከፋና ወደ ነጭ ዓባይ እንዲሄድ የሚል ነበር። ሥራው በ1890 ዓ.ም. ከጅቡቲ ተጀመረ። ወደ ሐረር ተራራ መውጣት ከባድ ወጪ የሚጠይቅ ሆኖ ስለ ተገኘ ሐዲዱ ሐረርን ወደ ጎን ትቶ በቆላው በኩል አለፈ፤ በ1895 ዓ.ም. በደረሰበትም ቦታ የድሬዳዋ ከተማ ተቆረቆረች። የመጀመሪያው ኩባንያ በገንዘብ እጦት ከወደቀ በኋላ ሌላ ኩባንያ ሥራውን ተረክቦ በ1909 ዓ.ም. አዲስ አበባ አደረሰው። የሐዲዱ ስፋት 1 ሜትር፥ ርዝመቱም 784 ኪሎሜትር ነበር። ወደ ከፋና ወደ ነጭ ዓባይ ይቀጥላል የተባለው ክፍል ግን ሳይሠራ ቀርቷል።

በዚህ መስመር ላይ የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ የገጠመውን ችግር ለመረዳት የመኪናውን አሠራር ማስታወስ ይበቃል። በእንፋሎት ሎኮሞቲቭ ውስጥ እሳት በጋን ያለውን ውሃ ያፈላል፤ እንፋሎቱ በሲሊንደር ውስጥ ፒስቶኑን ይገፋል፤ ፒስቶኑም በዘንግ አማካይነት መንኰራኵሩን ያዞራል። ሥራውን የጨረሰው እንፋሎት በጭስ ማውጫው በኩል ወደ ሰማይ ይወጣል። ስለዚህ መኪናው ከሰል ብቻ ሳይሆን ውሃም በቶን በቶን እየጠጣ የሚሄድ ነው፤ የጠጣውንም አይመልስም። ደግሞም ከተቃጠለው ከሰል ሙቀት ወደ ሥራ የሚለወጠው አብዛኛውን ጊዜ ከመቶ 10 እጅ አይሞላም፤ የቀረው ከጭሱና ከእንፋሎቱ ጋር ይጠፋል።

ከጅቡቲ እስከ ድሬዳዋ ያለው አገር በረሃ ነው። በእንዲህ ያለ አገር ውሃ ከጥልቅ ጉድጓድ በግድ ይወጣል፤ ብዙውን ጊዜም ጨው አለበት። ጨውና ኖራ ያለበት ውሃ በጋን ውስጥ ሲፈላ ዝቃጩ ከብረቱ ጋር እየተጣበቀ እንደ ድንጋይ ይጠነክራል፥ ሙቀቱም ወደ ውሃው እንዳይተላለፍ ይከለክላል፤ በመጨረሻም ጋኑን ያበላሻል። ከሰሉም ቢሆን ከባሕር ማዶ በመርከብ የሚመጣ ነው። ከዚህም በላይ ሐዲዱ ከባሕር ወለል ተነሥቶ 2,300 ሜትር ያህል ከፍታ ላይ ወዳለው አዲስ አበባ የሚወጣ ስለሆነ፥ ሎኮሞቲቩ ከጭነቱ ሌላ የራሱን ከሰልና የራሱን ውሃ ወደ ደጋ ማውጣት ነበረበት። በዚያ ዘመን ከጅቡቲ አዲስ አበባ ለመድረስ ሦስት ቀን ይፈጅ ነበር፤ ባቡሩ ሌሊት ስለማይሄድ መንገደኛው አንዱን ሌሊት በድሬዳዋ፥ ሁለተኛውን በአዋሽ ያድር ነበር።

2. የኤሌክትሪክ ሎኮሞቲቭ አጀማመር

ብዙ ሰው ኤሌክትሪክ ከናፍጣ በኋላ የመጣ ይመስለዋል። ነገሩ እንዲህ አይደለም። ሮበርት ዴቪድሰን የሚባል የስኮትላንድ ሰው በ1842 እ.ኤ.አ. በባትሪ የሚሄድ ሎኮሞቲቭ ሠርቶ በኤዲንብራና በግላስጎው መካከል ባለው ሐዲድ ላይ ፈተነው። ፍጥነቱ በሰዓት 6 ኪሎሜትር ያህል ነበር፤ ይኸውም ከእግረኛ ብዙም የማይበልጥ ነው። በባትሪው ውስጥ የሚያልቀው ዚንክ ከከሰል ይልቅ እጅግ ውድ ስለሆነ ፍልስፍናው ወዲያው ፍሬ አላፈራም። ዴቪድሰን የሠራው ስሕተት ኀይሉን በሎኮሞቲቩ ላይ መጫኑ ነበር።

የጀርመኑ ቨርነር ፎን ሲመንስ በ1879 እ.ኤ.አ. በበርሊን ኤግዚቢሽን ላይ ያሳየው ትንሽ ሎኮሞቲቭ ይህን ስሕተት አረመ። ዲናሞው በአንድ ቦታ ቆሞ ኤሌክትሪኩን ያመነጫል፤ ኤሌክትሪኩ በሁለቱ ሐዲዶች መካከል በተዘረጋ ሌላ ብረት በኩል ለሎኮሞቲቩ ይደርሰዋል። ሎኮሞቲቩም 300 ሜትር ያህል በሆነ ክብ ሐዲድ ላይ ጎብኚዎችን ይዞ ይዞር ነበር። ነገሩ ለጊዜው የልጆች ጨዋታ ቢመስልም በውስጡ ታላቅ አሳብ ነበረበት፤ ይኸውም ሎኮሞቲቭ ኀይሉን ተሸክሞ መሄድ የለበትም፥ ኀይሉ ባለበት ተቀምጦ በሽቦ ሊከተለው ይችላል የሚለው ነው።

ከዚህ በኋላ ኤሌክትሪክ አስቀድሞ የገባው ጭስ በሚያስጨንቅበት ቦታ ነው። በ1890 እ.ኤ.አ. በሎንዶን ከመሬት በታች በተቈፈረ መንገድ፥ በ1895 እ.ኤ.አ. በአሜሪካ በባልቲሞር ከተማ ሥር በሚያልፍ ዋሻ የኤሌክትሪክ ሎኮሞቲቮች ሥራ ጀመሩ። በ1906 እ.ኤ.አ. በስዊስና በኢጣልያ መካከል የተከፈተው የሲምፕሎን ዋሻም በኤሌክትሪክ ተሠራበት።

ለእኛ ትምህርት የሚሰጠው ግን የስዊስ ታሪክ ነው። ስዊስ ከሰል የላትም፤ ተራራና ፏፏቴ ግን አላት። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ከውጭ ይመጣ የነበረው ከሰል ሲጠፋ ባቡሮቿ ተቸገሩ። በዚህ ምክንያት መንግሥቷ የባቡር መስመሮቹን በውሃ ኀይል በሚመነጭ ኤሌክትሪክ ለማስኬድ ቈርጦ ተነሣ፤ ታላቁ የጎታርድ ተራራ መስመር በ1922 እ.ኤ.አ. ሙሉ በሙሉ ኤሌክትሪክ ሆነ። እንግዲህ ስዊስ ኤሌክትሪክን የመረጠችው ለሥልጣኔ ጌጥ ብላ አይደለም፤ የራሷ የሆነውን ኀይል ለመጠቀምና የሌላ አገር እጅ ላለመጠበቅ ነው።

3. የናፍጣ ሞተር ያጋጠመው ፈተና

የጀርመኑ መሐንዲስ ሩዶልፍ ዲዝል በ1897 እ.ኤ.አ. በአውግስቡርግ ከተማ አዲስ ዓይነት ሞተር አሳየ። በዚህ ሞተር አየር በሲሊንደር ውስጥ በኀይል ሲታመቅ በጣም ይሞቃል፤ በዚህ ጊዜ ነዳጅ ሲረጭበት ያለ ክብሪትና ያለ ካንዴላ ራሱ ይቀጣጠላል። ከእንፋሎት መኪና ጋር ሲመዛዘን የዲዝል ሞተር ከነዳጁ ሙቀት ብዙውን እጅ ወደ ሥራ ይለውጣል፤ ይህም በቆይታ ከመቶ 30 እጅና ከዚያም በላይ ደርሷል። ለማቀዝቀዣ ከሚሆን ጥቂት በቀር ውሃ አይፈልግም።

ይህን የመሰለ ሞተር በቶሎ ወደ ሎኮሞቲቭ ያልገባው በአንድ ጠባዩ ምክንያት ነው። እንፋሎት መንኰራኵሩ ቆሞ ሳለ እንኳ ፒስቶኑን መግፋት ይችላል፤ ስለዚህ የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ ከቆመበት ሲነሣ ጉልበቱ ሙሉ ነው። የናፍጣ ሞተር ግን አስቀድሞ ካልዞረ ጉልበት የለውም፤ ከባድ ጭነት ተጭኖበት ከቆመበት ሊነሣ አይችልም። ባቡር ደግሞ ከሁሉ የበለጠ ጉልበት የሚፈልገው ሲነሣ ነው።

በ1912 እ.ኤ.አ. በስዊስ አገር በቪንተርቱር በሱልዘር ፋብሪካ ተሳትፎ የተሠራው የመጀመሪያው ትልቅ የናፍጣ ሎኮሞቲቭ ይህን ችግር በግልጽ አሳየ። ሞተሩ ያለ ማርሽ በቀጥታ ከመንኰራኵሩ ጋር የተያያዘ ነበር፤ ለመነሣት የታመቀ አየር ወደ ሲሊንደሩ ይገባል፥ ፍጥነት ካገኘ በኋላ ነዳጁ ይቀጥላል። ብልሃቱ አልያዘም፤ መኪናው ከጥቂት ዓመት በኋላ ከሥራ ውጭ ሆነ። ዲዝል ራሱም በ1913 እ.ኤ.አ. ስለ ሞተ ሞተሩ በባቡር ላይ ሲሳካ ሳያይ ቀረ።

መፍትሔው የተገኘው ሁለቱን ጥበቦች በማጋባት ነው። የናፍጣው ሞተር ከመንኰራኵሩ ጋር ሳይገናኝ በራሱ ፍጥነት እየዞረ ዲናሞ ያዞራል፤ ዲናሞው ኤሌክትሪክ ያመነጫል፤ ኤሌክትሪኩም በመንኰራኵሮቹ ዘንግ አጠገብ ለተገጠሙ ሞተሮች ይሄዳል። የኤሌክትሪክ ሞተር ከቆመበት ሲነሣ ጉልበቱ ትልቅ ስለሆነ የናፍጣው ሞተር ጉድለት ይሸፈናል። በሩሲያዊው መሐንዲስ በዩሪ ሎሞኖሶቭ መሪነት በጀርመን አገር የተሠራው ባለ 1,200 ፈረስ ጉልበት ሎኮሞቲቭ በ1924 እ.ኤ.አ. ተፈትኖ ወደ አገሩ ሄደ። በአሜሪካ በ1925 እ.ኤ.አ. ባለ 300 ፈረስ ጉልበት የሆነ ትንሽ ሎኮሞቲቭ በኒው ዮርክ ሥራ ጀመረ። የሁለቱ ምክንያት የተለያየ መሆኑን ልብ ማለት ያስፈልጋል። ኒው ዮርክ የተቸገረችው በጭስ ነው። ሩሲያን ስለ ናፍጣ እንድታስብ ካደረጓት ምክንያቶች አንዱ ግን በመካከለኛው እስያ ያለው ውሃ የሌለበት በረሃዋ ነበር፤ የእኛም መስመር ችግር ከዚህኛው ጋር ይመሳሰላል።

ከላይ እንደ ተመለከተው ብዙውን ጊዜ «የናፍጣ ሎኮሞቲቭ» የምንለው በእውነቱ የኤሌክትሪክ ሎኮሞቲቭ ነው። ልዩነቱ የኤሌክትሪክ ማመንጫ ጣቢያውን በጀርባው አዝሎ መሄዱ ብቻ ነው። ይህ ነገር ከተያዘ የቀረው የታሪኩ ክፍል በቀላሉ ይገባል።

4. ናፍጣ ወደ አገራችን ሲገባ

በአካባቢያችን በናፍጣ የሚሄድ ባቡር ቀደም ብሎ የታየው በአስመራና በምጽዋ መስመር ላይ ነው። ኢጣልያኖች በ1935 እ.ኤ.አ. የፊያት ፋብሪካ የሠራቸውን፥ ሞተራቸውንና የመንገደኛ መቀመጫቸውን በአንድ አካል የያዙ ቀላል ባቡሮች በዚያ አስገቡ። ሊቶሪና የተባለው ስማቸውም ከሰው አፍ ገብቶ ቀረ።

በጅቡቲና በአዲስ አበባ መስመር ላይ የናፍጣ ሎኮሞቲቮች የእንፋሎቱን ቦታ መውሰድ የጀመሩት ከጦርነቱ በኋላ፥ በ1940ዎቹ ዓ.ም. ነው። የስዊስና የፈረንሳይ ፋብሪካዎች የሠሯቸው ሎኮሞቲቮች እየገቡ የእንፋሎቱ መኪና ቀስ በቀስ ከሥራ ተገለለ፤ በኋለኛው ዘመንም የመስመሩን ሥራ የተሸከሙት የፈረንሳዩ የአልስቶም ፋብሪካ ሎኮሞቲቮች ነበሩ።

ይህ ለውጥ ያመጣው ጥቅም ከፍ ያለ ነው። በበረሃ የውሃ ጉድጓድ መጠበቅ ቀረ፤ ጋን መጥረግና እሳት መጫር ቀረ። የእንፋሎት ሎኮሞቲቭ ሥራ ከመጀመሩ ብዙ ሰዓት በፊት እሳት ሊለኰስለት ይገባ ነበር፤ የናፍጣው ግን በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ይነሣል። በአንድ ሙሉ ታንክ ናፍጣ ረጅም መንገድ ስለሚሄድ በየጣቢያው መቆም አያስፈልገውም።

ሆኖም ናፍጣው ሁለት አዲስ ችግሮች ይዞ መጣ። የመጀመሪያው የነዳጁ ምንጭ ነው። ከሰሉ ከባሕር ማዶ ይመጣ እንደ ነበር ሁሉ ናፍጣውም ከባሕር ማዶ በውጭ ምንዛሪ ተገዝቶ ይመጣል። ሁለተኛው ችግር ብዙ ሰው የማያስበው ነው፤ እርሱም አየሩ ነው። የናፍጣ ሞተር ነዳጁን የሚያቃጥለው ከአየር በሚያገኘው ኦክሲጅን ነው። ወደ ደጋ በወጣን መጠን አየሩ እየሳሳ ይሄዳል። አየር በግፊት የሚያስገባ መሣሪያ ያልተገጠመለት ሞተር በየ1,000 ሜትሩ ከጉልበቱ ከ10 አንድ እጅ ያህል ያጣል፤ ስለዚህ አዲስ አበባ ሲደርስ በጅቡቲ ከነበረው ጉልበት አምስተኛው እጅ ጐድሎ ይገኛል። ይህም የሚሆነው መስመሩ ዳገት በሚበዛበትና ጉልበት ከሁሉ ይልቅ በሚፈለግበት ስፍራ ነው። አየር ጤና የተባለው የደጋ አየር ለሰው ጤና ቢሆንም ለናፍጣ ሞተር ግን ጤና አይደለም።

በዚህ ዘመን የድሬዳዋ ባቡር ጥገና ያበረከተው ሥራ ሊጠቀስ ይገባዋል። በዚያ የብረት መቅረጫ መኪና፥ ብረት ማቅለጫና አንጥረኛ ቤት ነበር። ፈረንሳይኛ ከሚናገሩ አለቆች የተማሩ ኢትዮጵያውያን ሜካኒኮች ከአባት ወደ ልጅ፥ ከጌታ ወደ ደቀ መዝሙር ሙያውን እያስተላለፉ፥ ፋብሪካው መሥራት ያቆመውን መለዋወጫ በእጃቸው እየቀረጹ ሎኮሞቲቮቹን ከተወሰነላቸው ዕድሜ በላይ አኖሯቸው። ይህ ዕውቀት በመጽሐፍ ያልተጻፈ ስለሆነ ዋጋው የሚታወቀው ሲጠፋ ነው። በ2000ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ በአዲስ አበባና በድሬዳዋ መካከል የነበረው የአሮጌው ባቡር ጕዞ ሲቋረጥ የዕውቀቱ ባለቤቶች በየፊናቸው ተበተኑ፥ አሊያም በጡረታ ተገለሉ።

5. ኤሌክትሪክ ስለ ምን ዘገየ?

ኢትዮጵያ እንደ ስዊስ ተራራና ወንዝ ያላት አገር ናት። ታዲያ የስዊስን ምሳሌ በጊዜው ስለ ምን አልተከተለችም? ምክንያቱ ሁለት ነው።

አንደኛው የኀይሉ መጠን ነው። በ1952 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው የቆቃ ግድብ 43 ሜጋዋት ያህል የማመንጨት ችሎታ ነበረው። በአዲስ አበባና በአካባቢው ላሉት ፋብሪካዎችና ቤቶች ይህ ትልቅ ነገር ነበር። አንድ ከባድ የኤሌክትሪክ ሎኮሞቲቭ ግን ዳገት ሲወጣ ብቻውን 6 ሜጋዋት ያህል ሊወስድ ይችላል። ሰባት እንደዚህ ያሉ ሎኮሞቲቮች በአንድ ጊዜ ዳገት ቢወጡ የቆቃን ኀይል ሁሉ ይጨርሱት ነበር ማለት ነው።

ሁለተኛው የሥራው ብዛት ነው። ሽቦ፥ ምሰሶና የኤሌክትሪክ ማከፋፈያ ጣቢያ ለ784 ኪሎሜትር መዘርጋት ባቡር በብዛት ቢሄድም ባይሄድም አንድ ጊዜ የሚከፈል ከባድ ወጪ ነው። በቀን ጥቂት ባቡር ብቻ በሚሄድበት መስመር ወጪው አይመለስም። ናፍጣ ግን ወጪው ከሥራው ጋር ይሄዳል፤ ባቡር ካልሄደ ናፍጣ አይቃጠልም። ስለዚህ በዚያን ጊዜ ናፍጣን መምረጥ ኋላ ቀርነት ሳይሆን ትክክለኛ ሒሳብ ነበር።

ሒሳቡ የተለወጠው ሁለቱ ምክንያቶች ሲለወጡ ነው። የተከዜ፥ በ2002 ዓ.ም. የግልገል ጊቤ 2፥ ከዚያም 1,870 ሜጋዋት የሚያመነጨው የግልገል ጊቤ 3 የኀይል ማመንጫዎች ሥራ ጀመሩ፤ ታላቁ የኢትዮጵያ ሕዳሴ ግድብም ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ተመረቀ። ወደ ጅቡቲ የሚወርደውና ከዚያ የሚመጣው ጭነትም ከቀድሞው ጋር የማይወዳደር ሆነ። በዚህ ጊዜ ከውጭ ናፍጣ እየገዙ ዳገት መውጣት በገዛ ወንዝ ኀይል ከመውጣት ይልቅ ውድ ሆኖ ተገኘ።

6. 750 ቮልትና 25,000 ቮልት

አሁን በመግቢያው ላይ ወደ ተነሣው ወደ ሁለቱ ሽቦዎች ጥያቄ እንመለስ። ኤሌክትሪክ በሽቦ ሲሄድ የሚሰጠው ኀይል የቮልቱና የአምፔሩ ብዜት ነው። በሽቦው ላይ በሙቀት የሚባክነው ግን በአምፔሩ ይወሰናል፤ አምፔሩ እጥፍ ሲሆን ብክነቱ አራት እጥፍ ይሆናል። አንድ 6,000 ኪሎዋት የሚፈልግ ሎኮሞቲቭ በ750 ቮልት ቢሠራ 8,000 አምፔር ያስፈልገዋል፤ በ25,000 ቮልት ቢሠራ ግን 240 አምፔር ይበቃዋል። ለ8,000 አምፔር የሚሆን ሽቦ እንደ ሰው ክንድ የወፈረ መዳብ ነው፤ ይህም ለረጅም መንገድ የማይታሰብ ነው።

የከተማው ባቡር ግን ቀላል ነው፤ መንገዱም አጭር ነው። መስከረም 9 ቀን 2008 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው የአዲስ አበባ ቀላል ባቡር ሁለቱ መስመሮች በድምሩ 34 ኪሎሜትር ያህል ናቸው። በእንዲህ ያለ ርቀት ማከፋፈያ ጣቢያዎችን ቀራርቦ መትከል አይከብድም፤ ሰውና ሕንፃ በተጨናነቀበት ስፍራም ዝቅተኛ ቮልት ይመረጣል። ስለዚህ የሁለቱ ቮልት መለያየት አንዱ ዘመናዊ ሌላው ኋላ ቀር ስለሆነ ሳይሆን ለየሥራቸው የሚስማማ ስለሆነ ነው።

የ25,000 ቮልቱ አሠራር የራሱ ታሪክ አለው። ጥንት የባቡር ኤሌክትሪክ ከሕዝቡ ኤሌክትሪክ የተለየ ነበር፤ አንዳንድ አገር በቀጥተኛ ኤሌክትሪክ፥ አንዳንዱም በሰከንድ 16 ጊዜ ያህል በሚመላለስ ኤሌክትሪክ ይጠቀም ነበር። ስለዚህ ለባቡር ብቻ የሚሆን ማመንጫ ወይም መለወጫ ጣቢያ መሥራት ግድ ነበር። ሀንጋሪያዊው መሐንዲስ ካልማን ካንዶ ባቡር ለፋብሪካና ለቤት በሚሰጠው፥ በሰከንድ 50 ጊዜ በሚመላለሰው ኤሌክትሪክ ሊሄድ ይችላል ብሎ ደከመ። ካንዶ በ1931 እ.ኤ.አ. ቢሞትም አሳቡ ከ1932 እስከ 1934 እ.ኤ.አ. ከቡዳፔስት በሚነሣ መስመር ላይ በ16,000 ቮልት ተሠራበት። ጀርመኖችም በጥቁር ደን አካባቢ ፈተና አደረጉ። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ፈረንሳዮች ከጀርመኖቹ ፈተና ተምረው በሳቩዋ አውራጃ የራሳቸውን ጥናት አካሄዱ፤ በ1950ዎቹ እ.ኤ.አ. አጋማሽም በሰሜን ፈረንሳይ ብዙ የከሰልና የብረት ጭነት በሚሄድበት መስመር ላይ 25,000 ቮልትን ተከሉ። ቻይና ይህንኑ አሠራር ተቀብላ የመጀመሪያውን የኤሌክትሪክ ባቡሯን በ1961 እ.ኤ.አ. በተራራማው በባኦጂ አካባቢ ከፈተች።

ወደ አገራችን የደረሰው ይኸው ነው። በቻይና ኩባንያዎች የተሠራው አዲሱ የአዲስ አበባና የጅቡቲ መስመር መስከረም 25 ቀን 2009 ዓ.ም. ተመርቆ ከታኅሣሥ 23 ቀን 2010 ዓ.ም. ጀምሮ መደበኛ ሥራ ጀመረ። የሐዲዱ ስፋት 1,435 ሚሊሜትር፥ ርዝመቱ ከ750 ኪሎሜትር በላይ ነው። የቀድሞውን መስመር በቀጥታ የሠሩልን ፈረንሳዮች ነበሩ፤ አዲሱ ደግሞ ከሀንጋሪ በጀርመን፥ በፈረንሳይና በቻይና አድርጎ የመጣ ዕውቀት ውጤት ነው። ጥበብ እንግዲህ የአንድ ሕዝብ ርስት አይደለችም፤ የተማረ ሁሉ ይወርሳታል።

የኤሌክትሪኩ ሎኮሞቲቭ በደጋ አየር መሳሳት እንደ ናፍጣው አይደክምም፤ የሚተነፍስ ሞተር የለውምና። ደግሞም የዛሬው ዘመን ሎኮሞቲቭ ቁልቁለት ሲወርድ ሞተሩ እንደ ዲናሞ ሆኖ ይሠራል፤ ባቡሩን እየያዘ ኤሌክትሪክ ወደ ሽቦው ይመልሳል። ከደጋ ወደ ባሕር የሚወርደው ባቡር ከባሕር ወደ ደጋ የሚወጣውን በጥቂቱም ቢሆን ያግዘዋል ማለት ነው።

7. የሽቦው ዕዳ

እስከዚህ የተባለው ሁሉ ኤሌክትሪክን የሚያስመሰግን ነው። ይሁን እንጂ ከላይ የተናገርነው ሕግ፥ ማለትም እያንዳንዱ መኪና ከአንድ ችግር ሲያወጣ ለሌላ አሳልፎ ይሰጣል የሚለው፥ በኤሌክትሪክም ላይ ይሠራል።

ናፍጣ የሚነዳ ሎኮሞቲቭ ብቻውን ነው፤ አንዱ ቢበላሽ ሌላው ይሄዳል። የኤሌክትሪክ ሎኮሞቲቭ ግን የአንድ ሰንሰለት ቀለበት ነው። ግድቡ፥ ከፍተኛው መስመር፥ ማከፋፈያው፥ ሽቦውና ሎኮሞቲቩ ሁሉም በአንድነት ደኅና ካልሆኑ ባቡር አይንቀሳቀስም። ኀይል ሲቋረጥ በክፍሉ ያሉት ባቡሮች ሁሉ ባሉበት ይቆማሉ። በአዲሱ መስመር ጣቢያዎች ፉርጎ ለመለዋወጥ የናፍጣ ሎኮሞቲቮች መኖራቸውም አሮጌው ጥበብ ፈጽሞ ያልተሻረ መሆኑን ያሳያል፤ ሽቦ በሌለበት የሚሠራው እርሱ ነው።

ሁለተኛው ዕዳ የመለዋወጫና የዕውቀት ነው። በድሬዳዋ የነበረው ሜካኒክ የተሰበረ የብረት ክፍል አይቶ፥ ለክቶ፥ ቀርጾ ይተካ ነበር። የዛሬው ሎኮሞቲቭ ልብ ግን ኤሌክትሮኒክስ ነው፤ የተቃጠለ የኤሌክትሮኒክስ ክፍል በመዶሻና በሞረድ አይሠራም። የከተማው ቀላል ባቡር ይህን በግልጽ አስተምሮናል። ሥራ ሲጀምር 41 ባቡሮች ነበሩት፤ በ2015 ዓ.ም. ግን አብዛኞቹ በመለዋወጫ እጦት መቆማቸው በይፋ ተነገረ። ኤሌክትሪኩ ሳይጠፋ፥ ሐዲዱ ሳይሰበር፥ መንገደኛው እየተሰለፈ ባቡር ሊታጣ እንደሚችል ታየ። ከናፍጣ ምንዛሪ ድነን ለመለዋወጫ ምንዛሪ ተገዛን ማለት ነው።

የአዲሱን የጅቡቲ መስመር በመጀመሪያዎቹ ስድስት ዓመታት ያስተዳደሩት የቻይና ኩባንያዎች ነበሩ፤ በ2016 ዓ.ም. ሥራው ለኢትዮጵያውያንና ለጅቡቲያውያን ተላለፈ። ይህ መልካም እርምጃ ነው። ነገር ግን መንዳትና መጠገን አንድ አይደሉም፤ መጠገንና መሥራትም አንድ አይደሉም። ስዊስ ኤሌክትሪክ ባቡር ስትመርጥ ሎኮሞቲቩን፥ ሞተሩንና የውሃ ተርባይኑን የሚሠሩ ፋብሪካዎች በቤቷ ነበሯት። ፏፏቴ ብቻ አልነበረም ያዳናት፤ ከፏፏቴው ጋር የነበረው የእጅ ሙያ ነው።

ማጠቃለያ

ከላይ ከተመለከትነው ሦስት ነገር እናገኛለን። አንደኛ፥ ናፍጣ ከኤሌክትሪክ ቀድሞ ወደ አገራችን የገባው አዲስ ስለሆነ ሳይሆን በዚያ ጊዜ ለነበረን ጥቂት ኀይልና ጥቂት ጭነት የሚስማማ እርሱ ስለ ነበረ ነው። ሁለተኛ፥ ወደ ኤሌክትሪክ መሻገራችን ከከፍታችንና ከወንዞቻችን ጋር የሚስማማ ትክክለኛ ምርጫ ነው። ሦስተኛ፥ ይህ ምርጫ ፍሬ የሚያፈራው የድሬዳዋው የእጅ ዕውቀት በኤሌክትሮኒክስ ዘመን ወራሽ ሲያገኝ ብቻ ነው።

ስለዚህ ጥያቄው የትምህርት ቤቶቻችንም ጥያቄ ነው። የኤሌክትሪክና የመካኒክ ምሕንድስና ተማሪዎች በጦር ኃይሎች፥ በለቡና በሰበታ የቆሙትን መኪናዎች እንደ መንገደኛ ብቻ ሳይሆን እንደ መማሪያ መጽሐፍ ሊያዩአቸው ይገባል። የተቃጠለውን የኤሌክትሮኒክስ ክፍል የሚፈታ፥ የሚመረምርና የሚተካ ላቦራቶሪ በአገር ውስጥ ቢቋቋም ከአንድ አዲስ ባቡር ግዢ ይልቅ ብዙ የቆሙ ባቡሮችን ያስነሣል። በሕይወት ካሉት የድሬዳዋ ባለሙያዎችም ቃላቸውንና ልምዳቸውን እየጠየቁ መመዝገብ ለታሪክና ለምሕንድስና ተማሪዎች አብሮ የሚሠራ ጥናት ይሆናል፤ ይህ ሥራ ግን ጊዜ አይሰጥም።

በ1886 ዓ.ም. የተሰጠው ፈቃድ ሐዲዱን ወደ ከፋ ያደርሰዋል ተብሎ ነበር። ዛሬ ሐዲዱ ሰበታ ላይ ቆሟል። የጅማን መንገድ ይዞ ከዚያ ወዲያ መቀጠሉ በገንዘብ ብቻ የሚወሰን አይደለም፤ እስከ ሰበታ ያለውን በራሳችን እጅ ማኖር ከቻልን ቀሪውን ለመጠየቅ መብት ይኖረናል።